የልብስ ገዢ መጀመሪያ የሚጠይቀው ደመወዝ አይደለም

ሱሪዎቹ ተቆርጠዋል፣ ኪሳቸው ተሰፍቷል፣ ጎንና ጎናቸው ተገጥሟል። የቀረው ዚፕ ብቻ ነው። ዚፑ ግን ጅቡቲ ነው ያለው፤ ሰነዱ ላይ የሰፈረው ቁጥር ኮንቴይነሩ ላይ ካለው ጋር ስላልገጠመ ከነኮንቴይነሩ ቆሟል። ትራንዚተሩ በየሰዓቱ ይደወልለታል፣ በየሰዓቱም «ነገ ይወጣል» ይላል። ፋብሪካው ውስጥ ሁለት የስፌት ላይኖች ሥራ ፈተው ተቀምጠዋል። ሠራተኛው ይከፈለዋል፣ መብራቱ ይቆጥራል፣ መርከቡ ደግሞ ማንንም አይጠብቅም። ዚፑ ሲደርስ ሌት ተቀን ተሰፍቶ ሱሪው በአውሮፕላን ተጫነ። የካርጎውን ሂሳብ ገዢው አልነካውም፤ የዘገየው ፋብሪካው ነውና ፋብሪካው ከፈለ። ከዚያ ትዕዛዝ ሊገኝ የነበረው ትርፍ አብሮ በረረ።

እንዲህ ያለው ነገር በሙያው ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ የሚያውቀው ነው፤ ብቻውን አይከነክንም። የሚከነክነው ከዚያ በኋላ በተደረገው ስብሰባ ላይ አንድ ኃላፊ የጠየቁት ነው፦ «ደመወዛችን ከሁሉም ርካሽ ሆኖ ሳለ እንዴት እንከስራለን?» ትዕዛዙን ከገዢው ጋር የሚከታተሉት መርቻንዳይዘሮች እርስ በርስ ተያዩ። መልስ ጠፍቶ አይደለም። መልሱን ከየት እንደሚጀምሩት ግራ ስለገባቸው ነው።

ይኸው ጥያቄ ቤት እየቀያየረ ይመጣል። አንድ ጊዜ በኢንቨስትመንት ብሮሹር የመጀመሪያ ገጽ ላይ ይወጣል፤ ሌላ ጊዜ በቴሌቪዥን ክርክር፣ ሲቀጥል ደግሞ በባንክ የብድር ጥናት ውስጥ። ከጀርባው ያለው እምነት አንድ ነው፦ የኒውዮርክና የስቶክሆልም ትልልቅ ብራንዶች የግዢ ኃላፊዎች ካርታ ዘርግተው ዝቅተኛ ደመወዝ የሚከፈልበትን አገር ይፈልጋሉ፣ ሲያገኙ ይሄዳሉ። ነገሩ ጭራሽ ሐሰት ነው ማለት አይቻልም። ግን በዚህ ሥራ ዕድሜያቸውን የፈጁ ሰዎች የሚያስቡት እንዲያ አይደለም።

ለዚህ የሆንግ ኮንጎቹን ወንድማማቾች፣ ቪክተርንና ዊልያም ፈንግን ማየት ይበቃል። አያታቸው ከሸሪካቸው ጋር ሊ ኤንድ ፈንግን እ.ኤ.አ. በ1906 በደቡብ ቻይናዋ ጓንግዡ ሲያቋቁሙ ዋና ሀብታቸው እንግሊዝኛ መቻላቸው ነበር፤ በፋብሪካውና በአሜሪካዊው ነጋዴ መካከል ቆመው እስከ 15 በመቶ ኮሚሽን ይወስዱ ነበር። ልጃቸው ሲረከብ ኮሚሽኑ ወደ 10 ወረደ፣ ከዚያም ወደ 5፣ ከዚያም ወደ 3። ቪክተር በሃርቫርድ የንግድ ትምህርት ቤት ማስተማራቸውን ትተው እ.ኤ.አ. በ1976 ሲመለሱ ወዳጆቻቸው የደላላ ሥራ ፀሐይ የጠለቀችበት ነው ብለው መክረዋቸዋል። ወንድማማቾቹ ምክሩን አልሰሙም። በሁለት አሥርት ዓመታት ውስጥ ኩባንያውን በዓለም ስመ ጥር ከሆኑት የልብስ አቅራቢዎች አንዱ አደረጉት፤ እ.ኤ.አ. በ1995 የእንግሊዞቹን ተፎካካሪ የኢንችኬፕን የግዢ ክፍል ጠቅልለው ገዙ።

ይህን ያደረጉት ርካሽ አገር በማግኘት አይደለም። ቪክተር እ.ኤ.አ. በ1998 ለሃርቫርድ ቢዝነስ ሪቪው የሰጡት ምሳሌ አሁንም ለመማሪያ ይጠቀሳል። ከአውሮፓ የ10,000 ልብስ ትዕዛዝ ይመጣል። ክሩ ከኮሪያ ይገዛል፤ ታይዋን ሄዶ ይሸመናል፣ ይቀለማል። ዚፑ የጃፓኑ ዋይኬኬ ነው፤ የሚመጣው ግን ቻይና ካሉት ፋብሪካዎቹ ነው። ስፌቱ ታይላንድ ውስጥ ለአምስት ፋብሪካዎች ይከፋፈላል፤ አምስት የሆነው ደንበኛው ስለሚቸኩል ነው። ትዕዛዙ በመጣ በአምስተኛው ሳምንት ልብሱ መደርደሪያ ላይ ነው፤ ሁሉም ከአንድ ቤት የወጣ ይመስላል። በዚህ ሰንሰለት ውስጥ ኮሪያም ታይዋንም በጊዜው ርካሽ አገር አልነበሩም።

ሌላም ዘዴ ነበራቸው። ደንበኛው 100,000 ልብስ እፈልጋለሁ ይላል፤ ሞዴሉንና ቀለሙን ግን ገና አልወሰነም። ፈንጎቹ ያልተቀለመ ክር ያስይዛሉ፣ የሽመናና የማቅለሚያ ፋብሪካ ጊዜ አስቀድመው ይይዛሉ። ደንበኛው ገበያውን አይቶ ማስረከቢያው አምስት ሳምንት ሲቀረው ቀለሙን ይናገራል። ቸርቻሪ ቀለሙን ዘግይቶ ከመረጠ ማንም የማይፈልገው ቢጫ ሹራብ መጋዘን አይሞላበትም፣ በግማሽ ዋጋም አይሸጥም። ፈንጎቹ የሚያስከፍሉት ለዚህ ነው።

የስሌታቸው መሠረት ቀላል ነው። አንድ ዕቃ ከፋብሪካ በ1 ዶላር ከወጣ ሱቅ ውስጥ 4 ዶላር ያህል ይሸጣል። ፋብሪካዎች እርስ በርስ ሲፋጁ ስለኖሩ ከ1 ዶላሩ ላይ 10 ሳንቲም መቁረጥ ጥርስ መንቀል ነው። 3 ዶላሩ ግን በመጓጓዣ፣ በመጋዘን፣ በዋጋ ቅናሽና ባለመሸጥ የሚባክን ነው፤ ከዚያ ላይ መቀነስ ይቀላል። ዓለም አቀፍ የግዢ ኃላፊ ሲያድር ሲውል የሚያስበው ስለ 3ቱ ዶላር ነው። እኛ ብሮሹር የምናትምለት ግን ስለ 1ዱ ዶላር ነው፤ ያውም ከ1ዱ ውስጥ ስለ አንዲት ጥግ። ብዙውን ጊዜ ከፋብሪካው ዋጋ ግማሹንና ከዚያ በላይ የሚወስደው ጨርቅ ነውና።

ነገሩ በቁጥር ይታይ። የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ስተርን ትምህርት ቤት እ.ኤ.አ. በ2019 ባወጣው ሪፖርት የኢትዮጵያ የስፌት ሠራተኛ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ነበር፤ የባንግላዴሽ 95፣ የኬንያ 207፣ የቻይና 326። ብሮሹሩ እዚህ ላይ ያቆማል። መርቻንዳይዘሩ የሚጀምረው ከዚህ ነው። አንድ ሸሚዝ በደንቡ የ20 ደቂቃ ስፌት አለው እንበል፤ ሠራተኛዋ በወር 208 ሰዓት ትሠራለች። ባንግላዴሽ፣ ዳካ ያለችው በ60 በመቶ ቅልጥፍና (ኢፊሸንሲ) ብትሠራ በወር 374 ሸሚዝ ይወጣታል፤ ለአንዱ የሚከፈላት 25 ሳንቲም ነው። እዚህ ያለችው አዲስ ሠልጣኝ በ30 በመቶ ብትሠራ 187 ሸሚዝ ትሰፋለች፤ ለአንዱ 14 ሳንቲም። በወር ክፍያው የሦስት እጥፍ ተኩል ልዩነት የነበረው ሸሚዙ ላይ ሲደርስ 11 ሳንቲም ሆኖ ቀረ። ሸሚዙ 250 ግራም ቢመዝንና የአየር ጭነት በኪሎ 4 ዶላር ቢሆን፣ አንድ ሸሚዝ ዘግይቶ በአውሮፕላን ሲሄድ 1 ዶላር ይበላል። በዘጠኝ ሸሚዝ የተቆጠበ ደመወዝ በአንድ ሸሚዝ ካርጎ አለቀ ማለት ነው። የኃላፊው ጥያቄ መልስ ይኸው ነበር፤ ናፕኪን ጀርባ ላይ ይጻፋል።

የሐዋሳ ታሪክም ከዚህ ይለያል ብሎ የሚያስብ ካለ ደግሞ ማየት ነው። ካልቪን ክላይንንና ቶሚ ሂልፊገርን የያዘው ፒቪኤች ወደ ኢትዮጵያ ሲመጣ የአቅርቦት ሰንሰለት ኃላፊው ቢል መክሬይት ነበሩ። ደመወዙን አላዩም ማለት አይደለም። የአሜሪካ ገበያ በአጎዋ ሕግ ከቀረጥ ነፃ መሆኑንም አይተዋል። ግን ያመጡት አንድ የስፌት ፋብሪካ ብቻ አልነበረም፤ ነባር አቅራቢዎቻቸውን አስከትለዋል፣ የሸሚዝ ጨርቅ ፋብሪካ የሚተክለው የቻይናው ውሺ ጂንማኦም አብሮ ገብቷል፣ ከሕንዱ አርቪንድ ጋርም በሽርክና ሰፍተዋል። መንግሥት የሐዋሳን ኢንዱስትሪ ፓርክ በ9 ወር ሠርቶ እ.ኤ.አ. በ2016 ሲያስመርቅ የፋብሪካ ፍሳሽ እንዳይወጣ አጥርቶ መልሶ የሚጠቀም ማጣሪያ ተክሏል፤ ሐይቁ ቅርብ ስለሆነ ብቻ ሳይሆን ገዢውም ስለፈለገው ነው። ጨርቁ በፓርኩ ውስጥ ከተሠራ ከእስያ የሚመጣበት የመርከብ ጊዜ ይቀራል። መክሬይት ሊገዙ የመጡት ያንን ጊዜ ነው።

ጥጥ የሚያበቅል አገር ሆነን ጨርቅ፣ ክር፣ ዚፕና የአንገት ታግ ከውጭ እየጠበቅን መስፋታችን «ላም አለኝ በሰማይ» ነው። ለአንዲት ሱሪ ሃያ ዓይነት ዕቃ ያስፈልጋል፤ አንዱ ከጎደለ አሥራ ዘጠኙ ዋጋ የለውም። ከአዲስ አበባ ጅቡቲ 750 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚሆነው የባቡር መስመር እ.ኤ.አ. በ2018 መጀመሪያ ላይ ሥራ ሲጀምር ብዙ ሰው ችግሩ ያለቀ መስሎት ነበር። ባቡር ግን ሰነድ አያስተካክልም፣ የባንክ የክፍያ ዋስትናም (ኤልሲ) አይከፍትም።

ርካሽ ደመወዝ የሚሠራው ሌላ ጥፋት አለ፣ ብዙም አይወራለትም። ያው የስተርን ሪፖርት በሐዋሳ በመጀመሪያዎቹ ጊዜያት ፓርኩን ለቅቆ የሚሄደው ሠራተኛ በዓመት 100 በመቶ ገደማ እንደነበር ይገልጻል። ከሲዳማ ገጠር የመጣች ልጅ በ26 ዶላር ቤት ተከራይታ፣ በልታ፣ ለቤተሰቧ ልካ መኖር አትችልም፤ ማሽኑን በለመደች ማግስት ትሄዳለች። በእሷ ቦታ የምትቀመጠው ከመርፌ ማስገባት ትጀምራለች። ላይኑ ከ30 በመቶ አይነቃነቅም፤ ሱፐርቫይዘሩም ለዚህ ይሰደባል። የደመወዙ ርካሽነት የሸሚዙን ውድነት ያመጣል፣ የሸሚዙ ውድነት ደግሞ «ደመወዝ መጨመር አንችልም» ያሰኛል። ይህን ክብ ስብሰባ ላይ ለማስረዳት የሞከረ ሰው ብዙውን ጊዜ የሠራተኛ ጠበቃ ተደርጎ ይታያል። እሱ ግን እያሰላ ነው።

ባንግላዴሽስ በርካሽ ጉልበት አይደለም እንዴ የከበረችው? ይህ ሁልጊዜ የሚነሳ ነው። የባንግላዴሽ ጉልበት ከዚያ በፊትም ርካሽ ነበር፤ ልብስ ግን አልሰፋችም። ኢንዱስትሪው የተነሳው የቀድሞው የመንግሥት ሹም ኑሩል ቃደር ደሽ የተባለውን ፋብሪካቸውን ከኮሪያው ዴዉ ጋር አስማምተው እ.ኤ.አ. በ1979 130 ሰዎችን ለሥልጠና ቡሳን ሲልኩ ነው። ተመልሰው የመጡት ሰፊዎች ብቻ አልነበሩም፤ ላይን መምራት፣ ጥራት መቆጣጠር፣ ከገዢ ጋር መጻጻፍ የሚያውቁ ነበሩ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ አብዛኞቹ ደሽን ለቅቀው የራሳቸውን ፋብሪካ ከፈቱ፣ ወይም የሌላውን መሩ። ከዚያ ላይ በኤክስፖርት ትዕዛዙ ዋስትና የጥሬ ዕቃ ኤልሲ የሚከፈትበት አሠራርና ቀረጥ ሳይከፈል ጨርቅ የሚገባበት መጋዘን ተፈቀደ። ኮታውም ረዳቸው፤ አሜሪካና አውሮፓ የኮሪያንና የሆንግ ኮንግን ልብስ ሲገድቡ ትዕዛዙ ኮታ ወዳልነካው አገር ፈሰሰ። ርካሽነት ብቻውን ምን እንደሚያመጣ ዳካም አይታዋለች፤ ራና ፕላዛ እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 2013 ሲደረመስ ከ1,100 በላይ ሰው ሞተ። ከዚያ ወዲህ የገዢ ኦዲተር ፋብሪካ ሲገባ የሕንፃ ምሰሶም ይመረምራል።

ዛራን የሚያንቀሳቅሰው ኢንዲቴክስ ደግሞ በተቃራኒው ይታይ። ከምርቱ ትልቅ ድርሻ የሚሆነውን በስፔን፣ በፖርቱጋል፣ በሞሮኮና በቱርክ ያሠራል። ፖርቱጋል ውስጥ ሰፊዋ የምታገኘው ከዳካዋ ብዙ እጥፍ ነው። ግን ሱቆቹ በሳምንት ሁለቴ አዲስ ዕቃ ይቀበላሉ፤ አንድ ቀሚስ ከተወደደ በሳምንታት ውስጥ ይደገማል፣ ካልተወደደ ይቆማል። ኩባንያው አልከሰረም።

ፈንጎቹስ በመጨረሻ ምን ሆኑ? እ.ኤ.አ. ከ2010 ወዲህ ብራንዶቹ ራሳቸው ከፋብሪካ ጋር መገናኘት ለመዱ፣ ቶይስ አር አስን የመሰሉ ደንበኞች ከሰሩ፣ ሊ ኤንድ ፈንግም እ.ኤ.አ. በ2017 ከሆንግ ኮንግ ዋና የአክሲዮን መለኪያ ወጣ፤ በ2020 ደግሞ ከገበያው ተነስቶ ወደ ግል ተመለሰ። አንዳንዱ ይህን ሲሰማ «አየህ፣ ዘዴው አልሠራም» ይላል። የከሸፈው ግን መሐል ላይ የቆመው ሰው ገቢ ነው። ዘዴውን ብራንዶቹ ወስደው የራሳቸው አደረጉት።

ፒቪኤችም በሰሜን ኢትዮጵያው ጦርነት ምክንያት እ.ኤ.አ. በኅዳር 2021 የሐዋሳ ፋብሪካውን እንደሚዘጋ አስታወቀ፤ አጎዋ ደግሞ እ.ኤ.አ. ከጥር 1 ቀን 2022 ጀምሮ ለኢትዮጵያ ተቋረጠ። ደመወዙ ያኔም ርካሽ ነበር፤ ፒቪኤችን አላስቀረም።

አሁን ክርክሩ በሌላ በር ገብቷል። በግሉ ዘርፍ አገር አቀፍ ዝቅተኛ ደመወዝ የለንም፤ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የደመወዝ ቦርድ እንዲቋቋም ይደነግጋል። ጉዳዩ በተነሳ ቁጥር «ገዢዎች ይሸሻሉ» የሚል ድምፅ ይሰማል። ከላይ በያዝነው የሸሚዝ ስሌት 26ቱ ዶላር 52 ቢሆን፣ ሌላ ምንም ሳይለወጥ ሸሚዙ ላይ 14 ሳንቲም ይጨመራል። በእጥፍ ደመወዙ ሠራተኛዋ ሥራዋ ላይ ብትቆይና ላይኑ ወደ 45 በመቶ ከፍ ቢል በወር 281 ሸሚዝ ትሰፋለች፤ ጭማሪው 5 ሳንቲም አይሞላም። 45 በመቶ ላይ ለመድረስ ግን ዚፑም በቀኑ መግባት አለበት፤ ያ ደግሞ የደመወዝ ቦርዱ ሥራ ሳይሆን የጉምሩክ፣ የባንክና የትራንዚተሩ ነው።