ፎርማት ከማድረጋችን በፊት፦ የሕይወት አምሳያ ጨዋታ ሲቆም ምን እናድርግ?

በኮምፒዩተር ላይ ችግር ሲገጥም በአገራችን ከሁሉ ቀድሞ የሚሰማው ምክር «ፎርማት ይደረግ» የሚለው ነው። ምክሩ አንዳንድ ጊዜ ይሠራል፤ ዋጋው ግን ከባድ ነው። ጥያቄው «ወደ መነሻው እንመልሰው ወይስ አንመልሰው?» ሳይሆን «ስንመልሰው የሚጠፋው ምንድን ነው፣ የሚቀረውስ?» የሚለው መሆን አለበት። ይህ ጽሑፍ ይህንኑ ጥያቄ በአንድ የኮምፒዩተር ጨዋታ አማካይነት ለማብራራት ይሞክራል።

ባለፈው ክረምት ቤተሰብ ለመጠየቅ ከአሰላ ወደ በቆጂ በሚወስደው መንገድ ላይ ወደምትገኘው ወደ ሳጉሬ ሄጄ ነበር። ዝናቡ ከቤት አላስወጣን ሲል የ12ኛ ክፍል ፈተናዋን ያጠናቀቀችው የእህቴ ልጅ ላፕቶፗን ይዛ መጣችና «ጋሼ፣ ሰዎቼ ቆመው ቀሩ፤ ፎርማት ላስደርገው?» አለችኝ። ሰዎቿ የተባሉት ዘ ሲምስ 4 በተባለው ጨዋታ ውስጥ ለሦስት ወራት ያኖረቻቸው የቤተሰብ አባላት ናቸው። እናቲቱ ከምድጃው ፊት ቆማ አልንቀሳቀስ ብላለች፤ ረሃቧ ግን እየጨመረ ነው። አንድ ጊዜ ጨዋታው ተከፍቶ ሳለ መብራት በመጥፋቱ «ያኔ ነው የተበላሸው» የሚል እምነት በቤቱ ሰፍኗል። በዚያው ላፕቶፕ ላይ የትምህርት ማስታወሻዎቿና ሌላ ቅጂ የሌላቸው የቤተሰብ ፎቶግራፎች ነበሩ።

የጨዋታው አሠራር

ዘ ሲምስን የፈጠረው አሜሪካዊው ዊል ራይት ነው። እ.ኤ.አ. በ1991 በካሊፎርኒያ ኦክላንድ በተነሣው ታላቅ ቃጠሎ ቤቱ ወደመ። ኑሮን እንደገና ሲጀምር የትኛው ዕቃ ለምን እንደሚያስፈልግ ማሰላሰሉ ለጨዋታው ሐሳብ መነሻ ሆነው። የመጀመሪያው ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ2000 ለገበያ ቀረበ። አራተኛው እትም እ.ኤ.አ. በ2014 የወጣ ሲሆን መሠረታዊው ክፍል ከኦክቶበር 2022 ጀምሮ በነፃ ይገኛል።

በአራተኛው እትም እያንዳንዱ ሰው ረሃብን፣ ድካምንና ንጽሕናን የመሳሰሉ ስድስት ፍላጎቶች አሉት። አስገራሚው ነገር ብልሃቱ በአብዛኛው በሰዎቹ ሳይሆን በዕቃዎቹ ውስጥ መቀመጡ ነው። ምድጃው «እኔ ዘንድ ምግብ ይበሰላል»፣ አልጋው «እኔ ዘንድ ድካም ይወጣል» እያሉ ያስታውቃሉ፤ ሰውየው ፍላጎቱን መዝኖ ወደሚበጀው ይሄዳል። ድርጊቱ እንዴት እንደሚፈጸም የሚገልጸው መመሪያም ከዕቃው ጋር የተያያዘ ነው።

ለምን ይቆማሉ?

ሁለት ጨዋ ሰዎች በር ላይ ሲገናኙ አንዱ «እርስዎ ይቅደሙ»፣ ሌላውም «ኧረ እርስዎ» ቢሉና ሁለቱም በሐሳባቸው ቢጸኑ ማንም አይገባም። በጨዋታው ውስጥም እንዲህ ያለ ሁኔታ ይፈጠራል። ሰው ከዕቃው መልስ ይጠብቃል፤ መልሱ ካልመጣ ድርጊቱ አይጠናቀቅም፤ ድርጊቱ ካልተጠናቀቀ ደግሞ ተራ የሚጠብቁት ሌሎች ድርጊቶች አይጀመሩም።

እዚህ ላይ በፊዚክስ የምንጠቀምበት አንድ ልዩነት ይረዳናል። የአንድ ሥርዓት ያለበት ሁኔታ አንድ ነገር ነው፤ ሁኔታውን ከቅጽበት ወደ ቅጽበት የሚያሸጋግረው ሕግ ሌላ ነገር ነው። ኳስ ጉድጓድ ውስጥ ቢገባ አውጥተን እንደገና ልንጠልዘው እንችላለን፤ ጉድጓዱ ካልተደፈነ ግን ተመልሶ ይገባል። አንድን ሰው ሪሴት ማድረግ ሁኔታውን ብቻ ይለውጣል።

በዘ ሲምስ 4 ኮንትሮል፣ ሺፍትና ሲ የተባሉትን ቁልፎች አንድ ላይ በመጫን የትእዛዝ መስጫው ሣጥን ይከፈታል። እዚያ «ሪሴትሲም» የሚለውን ትእዛዝ ከሰውየው ስምና የቤተሰብ ስም ጋር ስንጽፍ የጀመረው ድርጊትና ተራ የያዙት ድርጊቶች ይሰረዛሉ። ዕድሜው፣ ዝምድናው፣ ሙያውና ገንዘቡ ግን ይቀራሉ። እኛም ይህን አደረግን፤ እናቲቱ ተንቀሳቀሰች። ጥቂት ቆይታ ግን ራባት፣ ወደ ምድጃው ሄደች፣ ዳግመኛም ቆመች። ችግሩ ከሁኔታዋ ሳይሆን ከሕጉ መሆኑን ያወቅነው በዚህ ነው።

እህልና ዱቄት

ከዚህ በላይ ያለውን እርምጃ ከመውሰዳችን በፊት በኮምፒዩተሩ ውስጥ ያሉትን ፋይሎች በሁለት መክፈል ያስፈልጋል። በአርሲ ደጋ ለሚኖር ሰው ይህን ማስረዳት ቀላል ነው። ዱቄት ቢደፋ ያናድዳል እንጂ አያስርብም፤ እህሉ በጎተራ ካለ እንደገና ይፈጫል። እህሉ ከጠፋ ግን ወፍጮው ምን ያደርጋል?

ካሽ የሚባለው ጊዜያዊ ማከማቻ ዱቄት ነው፤ ጨዋታው ለፍጥነት ሲል ያዘጋጀው በመሆኑ ብናጠፋው ራሱ እንደገና ይሠራዋል። የጨዋታው ዋና ፕሮግራምም ከ10 ጊጋባይት በላይ ቢሆንና ለማውረድ ብዙ ወጪ ቢጠይቅም እንደገና ሊገኝ ይችላል። እህሉ ተጫዋቹ ያስቀመጠው የቤተሰቡ ታሪክ ነው፤ ከዚያ ላፕቶፕ በስተቀር የትም አይገኝም። ይህም የሚቀመጠው በዶኩመንትስ ውስጥ፣ ኤሌክትሮኒክ አርትስ በተባለው ፎልደር ሥር ባለው «ዘ ሲምስ 4» ፎልደር ነው።

ከዚህ አንድ ጠቃሚ ነገር እንረዳለን። ብዙ ሰዎች ጨዋታውን አጥፍተው እንደገና ከጫኑ በኋላ ያው ብልሽት ሲመለስ ይደነግጣሉ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ጨዋታው ሲጠፋ የተጫዋቹ ፎልደር በአብዛኛው ስለማይነካ፣ በውስጡ ያለው ችግርም አብሮ ይቆያል።

ከቀላሉ ወደ ከባዱ

የመጀመሪያው እርምጃ ፎልደሩን እንዳለ በፍላሽ ዲስክ መገልበጥ ነው። ከዚያ በኋላ ጉዳቱ አነስተኛ ከሆነው ጀምሮ፣ በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ እየለወጡ መሞከር ይገባል።

1. ሳያስቀምጡ ወጥቶ እንደገና መክፈት፤
2. የቆመውን ሰው ሪሴት ማድረግ፤
3. «ሎካልተምብካሽ» የተባለውን የካሽ ፋይል ማጥፋት፤
4. ሌሎች ሰዎች የሠሯቸውን፣ ሞድ የተባሉ ጭማሪዎች ከፎልደራቸው ማውጣት፤
5. ጨዋታው ቀደም ብሎ ካስቀመጣቸው ቅጂዎች አንዱን መክፈት። በሚቀመጥበት ጊዜ መብራት ቢጠፋ ፋይሉ ተቆርጦ ሊቀር ስለሚችል ጨዋታው ጥቂት የቀድሞ ቅጂዎችን ይይዛል፤ «ሪከቨር ሴቭ» የሚለው ምርጫ እነዚህን ያወጣል፤
6. «ዘ ሲምስ 4» የተባለውን ፎልደር ስሙን መለወጥ። ጨዋታው ሲከፈት አዲስ ፎልደር ይሠራል፤ አሮጌውም ሳይነካ ይቀመጣል።

ዋናውን ፕሮግራም መጠገን ወይም እንደገና መጫን የሚመጣው ከእነዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ፎርማት ማድረግ ከዝርዝሩ ውስጥ የለም።

በግማሽ የመክፈል ዘዴ

የእህቴ ልጅ ከጓደኞቿ በፍላሽ የተቀበለቻቸው 24 ጭማሪዎች ነበሯት። ሁሉንም ስናወጣ እናቲቱ በሌላ ምድጃ አበሰለች፤ ስለዚህ ጥፋተኛው ከ24ቱ መካከል ነው። አንድ በአንድ ቢሞከር እስከ 23 ሙከራ ሊጠይቅ ይችላል። ግማሹን ብቻ መልሰን ብንሞክር ግን ችግሩ ካለ በእነዚህ ውስጥ፣ ከሌለም በቀሩት ውስጥ መሆኑን እናውቃለን። 24 ወደ 12፣ ወደ 6፣ ወደ 3 ይወርዳል፤ ቢበዛ በ5 ሙከራ ያልቃል። 1000 ጭማሪዎች ቢኖሩ እንኳ ከ10 ሙከራ አያልፍም። ዘዴው የሚሠራው ጥፋተኛው አንድ ሲሆን ነው፤ ሁለት ጭማሪዎች እርስ በርስ የሚጋጩ ከሆነ ለየብቻ ሲሆኑ ንጹሕ መስለው ይታያሉና ጥንቃቄ ይሻል።

በአምስተኛው ሙከራ የተገኘው ራሱ ምድጃው ነበር። የተሠራው ለቀድሞ የጨዋታው ቅጂ በመሆኑ መመሪያው ከታደሰው ጨዋታ ጋር አልተግባባም። ያንን አንድ ፋይል አስወገድን፤ ሌላው ሁሉ ባለበት ቀረ። መብራቱም ያለ ጥፋቱ ተወቅሶ ኖሯል። ሁለት ነገሮች ተከታትለው መምጣታቸው አንዱ የሌላው ምክንያት ነው ለማለት እንደማያበቃ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ ለተማሪዎቼ አላገኘሁም።

ሪሴት ጊዜን ወደ ኋላ አይመልስም። የተሰረዘ ሁኔታ ተመልሶ የሚገኘው አስቀድሞ ቅጂው ከተያዘ ብቻ ነው። ስለዚህ ማንኛውንም ነገር ወደ መነሻው ከመመለሳችን በፊት እህላችን የቱ እንደሆነ ለይተን ማስቀመጥ ይገባናል። በዚያ ምሽት በሳጉሬ ከጨዋታው ቀድመው ወደ ፍላሽ የተገለበጡት የቤተሰቡ ፎቶግራፎች ነበሩ።