ኔጋቲቩ ማን ዘንድ ነው?

ፊልም ሠሪው ኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን የቀረጸው አብዮቱ በተቀጣጠለበት ወቅት ከአሜሪካ አገር ቤት ተመልሶ ነው። በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም፣ ገበሬዎችን ራሳቸውን እያስተወነ ሠራው፤ እ.ኤ.አ. በ1976 ለዕይታ በቃ። ባላባቱ ደጅ ወንበር ላይ ተቀምጦ ሲቆጣና ሲሳደብ፣ ጭሰኛው ቤተሰቡን ይዞ ከንጋት ጀምሮ ሲማስን፣ ካሜራው ሳይቸኩል ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ያያቸዋል። የዚያን ዘመን የገጠር ኑሮ በዚህ ቅርበት የያዘ ሌላ ኢትዮጵያዊ ልቦለድ ፊልም እኔ አላውቅም። ፊልሙ ታድሶ ዛሬ ጥርት ብሎ ይታያል። የታደሰው ግን ጣሊያን፣ ቦሎኛ ውስጥ ነው።

የአገር ፊልም የት ይቀመጥ፣ ማንስ ይጠብቀው የሚለው ጥያቄ የቆየ ነው። አጣዳፊ የሚያደርገው ደግሞ ፊልም ማንም ሳይነካው የሚበላሽ ነገር መሆኑ ነው። ከአሴቴት የተሠራ ጥቅል ሙቀትና እርጥበት ሲያገኘው አሲድ ያመነጫል፤ ቆርቆሮው ሲከፈት ኮምጣጤ ኮምጣጤ ይሸታል። ቀጥሎ ይኮማተራል፣ ይጣመማል፤ ጠርዙ ላይ ያሉት ቀዳዳዎች ከማሽኑ ጥርስ ጋር አልገጥም ይላሉ። ቀዝቃዛና ደረቅ ክፍል ጉዳቱን ያዘገየዋል እንጂ የተበላሸውን አይመልሰውም። ሀብታሞቹ አገሮችም ፊልም ከማጣት አላመለጡም፤ የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት እ.ኤ.አ. በ2013 ባወጣው ጥናት፣ 11 ሺህ ገደማ ከሚሆኑት የአገሪቱ ድምፅ አልባ ረጃጅም ፊልሞች 70 በመቶው የውሃ ሽታ ሆነዋል።

ወደ ኃይሌ ስንመለስ፣ ጎንደር ተወልዶ እ.ኤ.አ. በ1967 አሜሪካ ሄደ። ቺካጎ ትወና ጀምሮ ወደ ሎስ አንጀለስ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተሻገረ፤ እዚያም ከእነ ቻርልስ በርኔትና ጁሊ ዳሽ ጋር ከሆሊውድ ውጭ የራሱን መንገድ ከቀየሰው ትውልድ አንዱ ሆነ። ከዚያ በኋላ ለአሥርት ዓመታት ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አስተማረ። ለጥያቄያችን ግን ዋናው ነገር የ«ሳንኮፋ» ጉዳይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1993 ፊልሙን አከፋፋዮች አንወስድም ሲሉት ደጅ መጥናቱን ትቶ፣ ከባለቤቱ ከሺሪኪያና አይና ጋር በየከተማው ሲኒማ ቤት እየተከራየ ለሕዝብ አሳየው። ዋጋ አስከፍሎታል፤ ቀጣዩ ልቦለድ ፊልሙ «ጤዛ» በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማት ያገኘው ከ15 ዓመት በኋላ ነው። ነገር ግን ባለቤትነቱ ከእጁ አልወጣም። እ.ኤ.አ. በ2021 «ሳንኮፋ» ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ ሲወጣ፣ የሚታደስ ነገር የተገኘው ሠሪው ሥራውን አሳልፎ ስላልሰጠ ነው ብዬ አምናለሁ። የተማረበት ዩኒቨርሲቲም የዚያን ትውልድ ሥራዎች አሰባስቦ በማህደሩ አስቀምጧል። የኃይሌ ሌላ ፊልም «ቡሽ ማማ» እ.ኤ.አ. በ2022 በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ገብቷል።

ከአገር ቤት ፊልሞች ግን ስንቱ እንዲህ ያለ ጠባቂ አገኘ? «ሂሩት አባቷ ማነው» እና «ጉማ» የንጉሡ ዘመን ሥራዎች ናቸውና አርጅተዋል። በደርግ ጊዜ የተቋቋመው የኢትዮጵያ ፊልም ኮርፖሬሽን ፈርሷል። በቪዲዮ የተሠሩትም ቢሆኑ በየፕሮዲውሰሩ ካሴትና ሃርድ ዲስክ ላይ ነው የሚገኙት፤ ሃርድ ዲስክ ደግሞ ከሴሉሎይድ ቀድሞ ይሞታል። የጣሊያን ወረራ ምስሎችን ብናነሣ፣ ፋሺስቶቹ ራሳቸው የቀረጹት ሮም በሉቼ ተቋም ማህደር ውስጥ ነው፤ ስለ ወረራው ፊልም መሥራት የፈለገ ኢትዮጵያዊ የገዛ አያቶቹን ምስል ከዚያ ነው የሚጠይቀው። ይህ ሊያሳፍረንም ሊያስቆጣንም ይገባል።

ዘመናዊ የፊልም ማከማቻ ብዙ ገንዘብ ይጠይቃል። መዝገብ ግን አይጠይቅም፤ የትኛው ፊልም ኔጋቲቭ ማን ዘንድ፣ በምን ሁኔታ ላይ እንዳለ፣ መብቱስ የማን እንደሆነ ጽፎ መያዝ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍታችን ወመዘክር ከባለሙያዎች ጋር ዛሬ ሊጀምረው የሚችል ሥራ ነው። ዩኔስኮ፣ የአፍሪካ ፊልም ሠሪዎች ፌዴሬሽንና የማርቲን ስኮርሴዚ ፊልም ፋውንዴሽን እ.ኤ.አ. በ2017 የአፍሪካን ፊልሞች ለማደስ አብረው ተነሥተዋል። እንዲህ ያለ ዕድል ሲመጣ መጀመሪያ የሚጠየቀው ዋናው ቅጂ ነው፤ የት እንዳለ የሚነግሩን የካሜራና የላቦራቶሪ ባለሙያዎች ደግሞ አርጅተዋል።