ከመያዝ እስከ ዳኛ ፊት፤ ስለ ወንጀል ሥነ ሥርዓት መጻሕፍት አጭር ማብራሪያ

ስለ ወንጀል የሚናገር ሕግ በሁለት ይከፈላል። አንደኛው የትኛው ሥራ ወንጀል እንደ ሆነና ምን ቅጣት እንደሚያስከትል የሚወስነው ነው። ሁለተኛው ደግሞ የተጠረጠረ ሰው እንዴት እንደሚያዝ፥ እንዴት እንደሚመረመር፥ እንዴት እንደሚከሰስና እንዴት እንደሚፈረድበት ወይም በነጻ እንደሚለቀቅ የሚያዘው ሲሆን፤ የሥነ ሥርዓት ሕግ ይባላል። ሕዝቡ ባብዛኛው የመጀመሪያውን ይፈራል እንጂ ሁለተኛውን አያውቀውም። ይሁን እንጂ ንጹሕ ሰው በሐሰት በተጠረጠረ ጊዜ የሚጠጋው በዚሁ በሁለተኛው ነው።

ስለዚህ ሕግ የተጻፉት መጻሕፍት ዓይነታቸው ልዩ ልዩ ነው። የጥንት የፍርድ መጻሕፍት አሉ፤ በነጋሪት ጋዜጣ የታወጁ ሕጎች አሉ፤ ለተማሪዎች የተዘጋጁ የማስተማሪያ መጻሕፍትም አሉ። ተማሪ ሁሉንም እንደ አንድ አድርጎ ያነበበ እንደ ሆነ ይደናገራል። በዚህ ጽሑፍ አንድ ጥያቄ ብቻ ይዘን መጻሕፍቱን በየተራ እንጠይቃለን። ጥያቄውም፦ አንድ ሰው ከተያዘበት ሰዓት ጀምሮ ዳኛ ፊት እስኪቀርብ፥ ከዚያም ክስ እስኪመሠረትበት ድረስ ስንት ጊዜ ሊቆይ ይችላል? የሚል ነው። ይህን ጥያቄ የመረጥንበት ምክንያት ሰው ከዘመዱም ከጠበቃውም ርቆ ብቻውን የሚሆነው በዚህ ጊዜ ስለ ሆነ ነው።

ከጥንቱ እንጀምር። ፍትሐ ነገሥት በ13ኛው መቶ ዓመት በግብጽ ሊቅ በኢብን አል አሳል በዐረብኛ ተዘጋጅቶ በኋላ ወደ ግዕዝ የተመለሰ ነው። በአባ ጳውሎስ ጻድዋ ወደ እንግሊዝኛ ተተርጉሞ በ1968 እ.ኤ.አ. በሕግ ፋኩልቲው አማካይነት ታትሟል። 51 አንቀጾች ሲኖሩት 43ኛው ስለ ዳኞች ይናገራል፤ ዳኛው ሁለቱን ተከራካሪዎች በእኩል ዓይን እንዲያይም ያዛል። ነገር ግን ስለ ፖሊስ ጣቢያና ስለ ምርመራ ጊዜ ከዚህ መጽሐፍ መልስ አይገኝም፤ መጽሐፉ ሲዘጋጅ እንዲህ ያለ መሥሪያ ቤት አልነበረምና።

በተግባር ይሠራበት የነበረው ልማድ ነው። በአፈርሳታ ወይም በአውጫጭኝ ጊዜ ያገሩ ሰው ሁሉ ባንድ ቦታ ተሰብስቦ ወንጀለኛው እስኪታወቅ ድረስ እንዳይበተን ይደረግ ነበር። ስሙ ሳይገለጥ በምስጢር የሚጠቁመውም ሰው «ወፍ» ይባል ነበር። በሌባ ሻይ ደግሞ መድኃኒት የጠጣ ልጅ እየተመራ ሄዶ የወደቀበት ቤት ባለቤት ይያዝ ነበር። ከሳሽና ተከሳሽ በአንድነት ታስረው ወደ ዳኛ የሚሄዱበት የቁራኛ ልማድም ነበር፤ ቃሉ እስከ ዛሬ በንግግራችን ውስጥ አለ። ቁራኛ ቢያንስ ከሳሹንም የመዘግየቱ ችግር ተካፋይ ያደርገው ነበር። አፈርሳታ ግን የጊዜ ወሰን ስላልነበረው ንጹሑንም ሁሉ ከሥራው ያስፈታ ነበር። ስለነዚህ ልማዶች ለማጥናት የሚፈልግ ስታንሊ ፊሸር በ1971 እ.ኤ.አ. በአሜሪካ የንጽጽር ሕግ መጽሔት ላይ ስለ ኢትዮጵያ ጥንታዊ የወንጀል ሥነ ሥርዓት የጻፈውን ማንበብ ይጠቅመዋል።

ቀጥለን ወደ ታወጁት ሕጎች እንለፍ። በ1923 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ በ1949 ዓ.ም. በወጣው ተተካ። የዚህን ረቂቅ ያዘጋጁት የጄኔቫው ሊቅ ዣን ግራቨን ናቸው። የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ሥነ ሥርዓት ደግሞ ጥቅምት 23 ቀን 1954 ዓ.ም. ታወጀ። የዚህኛው አርቃቂ እንግሊዛዊው ሰር ቻርልስ ማቲው ሲሆኑ፤ ብዙው ድንጋጌ እንግሊዞች በህንድና በማላያ ካወጧቸው ሕጎች ጋር ይዛመዳል። እንግዲህ የቅጣቱ ሕግ ከአውሮፓ ዋና ምድር፥ የሥነ ሥርዓቱ ሕግ ከእንግሊዝ ወገን የመጡ ናቸው ማለት ነው። አንዳንድ ቦታ ሁለቱ የማይገጥሙ መስለው የሚታዩበት አንዱ ምክንያት ይኸው ነው።

ስለ ጥያቄያችን ሦስት ጽሑፎችን እናነጻጽር። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ዳኛ ፊት እንዲቀርብ አዝዞ ነበር። ሆኖም የተያዘበት ቦታ ከፍርድ ቤቱ በእግር ከ48 ሰዓት ያላነሰ የሚያስኬድ ከሆነ ፍርድ ቤቱ ጊዜውን ሊያራዝም ይችል ነበር። የ1954ቱ ሥነ ሥርዓት በአንቀጽ 29 ያንኑ 48 ሰዓት ይዞ፤ የቦታው ሁኔታና የመገናኛው ችግር ካልፈቀደ ግን በተቻለ ፍጥነት እንዲቀርብ ይላል። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 19 ደግሞ 48 ሰዓቱን አጽንቶ ወደ ፍርድ ቤት ለመሄድ በግምት የሚያስፈልገውን ጊዜ ብቻ ከቁጥሩ አውጥቷል። ሦስቱም አንድ ቁጥር ይናገራሉ፤ የሚለያዩት በሚፈቅዱት ምክንያት ነው። የመጀመሪያው የእግር መንገድን ይለካል፤ ሁለተኛው «ሁኔታ» የሚል ሰፊ ቃል ይጨምራል፤ ሦስተኛው ጉዞን ብቻ ይቀበላል። ስለዚህ ሕግ የሚያነብ ሰው ቁጥሩን ብቻ ሳይሆን ከቁጥሩ ቀጥሎ ያለውን ሐረግ መመርመር አለበት።

ዳኛ ፊት መቅረብ ግን የነገሩ መጨረሻ አይደለም። ፖሊስ ምርመራውን ካልጨረሰ ተጨማሪ ጊዜ እንዲሰጠው ይጠይቃል። በ1954ቱ ሕግ አንቀጽ 59 መሠረት አንድ ቀጠሮ ከ14 ቀን ሊበልጥ አይችልም። ይሁን እንጂ ይህ ወሰን የተነገረው ለእያንዳንዱ ቀጠሮ ነው፤ ቀጠሮው ስንት ጊዜ ሊደገም እንደሚችል አንቀጹ አይናገርም። ለምሳሌ ጥቅምት 25 ቀን የመጀመሪያው ቀጠሮ የተሰጠበት ገበሬ ሦስት ጊዜ በሙሉ ቢቀጠርበት 42 ቀን ይሆናል፤ ይኸውም እስከ ታኅሣሥ 7 ቀን ነው። በዚህ መካከል ኅዳር በሙሉ አለፈ፤ አዝመራውም ሳይሰበሰብ ቀረ ማለት ነው። በኋላ በነጻ ቢለቀቅ እንኳ ያ እህል አይመለስለትም። አንቀጽ 37 ምርመራው ያለ አስፈላጊ ያልሆነ መዘግየት እንዲያልቅ ያዛል። ሆኖም መዘግየቱ አስፈላጊ መሆኑንና አለመሆኑን የሚመዝነው ቀጠሮውን የሚሰጠው ዳኛ ነው። ስለዚህ የሰውየው ነጻነት የሚጠበቀው ዳኛው ፖሊሱን «ባለፈው ቀጠሮ ምን ሠራህ?» ብሎ በመጠየቁ ነው።

እዚህ ላይ የማስተማሪያ መጻሕፍት ጥቅም ይታያል። በ1956 ዓ.ም. የሕግ ፋኩልቲ ከተከፈተ በኋላ በጥቂት ዓመታት ውስጥ አያሌ ሥራዎች ወጥተዋል። የፊሊፕ ግራቨን መግቢያና የስቲቨን ሎወንስታይን የማጥኛ ጽሑፍ በ1965 እ.ኤ.አ. ታትመዋል፤ ሁለቱም ስለ ቅጣቱ ሕግ ናቸው። በ1969 እ.ኤ.አ. የወጣው የስታንሊ ፊሸር መጽሐፍ ግን ስለ ሥነ ሥርዓቱ ነው። ከ1964 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የወጣው የኢትዮጵያ ሕግ መጽሔትም የፍርድ ውሳኔዎችን በአማርኛና በእንግሊዝኛ አትሟል። የመግቢያ መጽሐፍ አንቀጽ በአንቀጽ ያስረዳል። የምንጭ መጽሐፍ ግን ሕጉን፥ ፍርዱንና የሌሎችን አገሮች ልማድ ጎን ለጎን አቅርቦ ተማሪውን በጥያቄ ይፈትናል እንጂ ያለቀ መልስ አይሰጠውም። ስለዚህ ሕጉን ሳያነብ በምንጭ መጽሐፍ የሚጀምር ይቸገራል፤ ሕጉን ብቻ አንብቦ የሚያቆም ደግሞ ያወቀ ይመስለዋል።

ስለ ስያሜም አንድ ነገር እንጨምር። የ1949ኙና የ1954ቱ ሕጎች በአማርኛ ስማቸው «የወንጀለኛ መቅጫ» ይላሉ። ሥነ ሥርዓቱ የሚያገለግለው ግን ገና ወንጀለኛ መሆኑ ያልታወቀውን ሰው ጭምር ነው። በ1996 ዓ.ም. የቅጣቱ ሕግ ሲለወጥ «የወንጀል ሕግ» ተብሎ መሰየሙ የተሻለ ነው። ስም ጥቂት ነገር ይመስላል፤ ነገር ግን በቃል ወንጀለኛ የተባለን ሰው በቀጠሮ ብዛት ማቆየት ለኅሊና አይከብድም።

በመጨረሻም ለምርምር ለሚነሡ ተማሪዎች የምናሳስበው አለ። መጻሕፍት ሕጉ ምን እንደሚልና ሊቃውንት እንዴት እንደሚተረጉሙት ይነግሩናል፤ በአንድ ወረዳ ሰው በእውነት ስንት ቀን እንደሚቆይ ግን አይነግሩንም። ይህን የሚናገረው የፍርድ ቤቱ መዝገብ ነው። ፈቃድ ያገኘ ተማሪ ከየመዝገቡ አራት ነገር ቢጽፍ ይበቃዋል፤ እነርሱም የተያዘበት ቀንና ሰዓት፥ መጀመሪያ ዳኛ ፊት የቀረበበት ቀን፥ የተሰጠው ቀጠሮ ብዛትና ለያንዳንዱ ቀጠሮ የተሰጠው ምክንያት ናቸው። የተከሳሾቹን ስም መጻፍ አያስፈልግም። እንዲህ ያለ ጥናት አነስተኛ ቢሆንም፤ 48 ሰዓትና 14 ቀን የሚሉት ቃላት ለታሰረው ሰው ምን ያህል እንደ ጠቀሙት በግልጥ ያሳያል።