ታይሮይድና አለቆቹ

የላቦራቶሪ ውጤቷን የተቀበለች ሴት ወረቀቱን አይታ ግራ ብትጋባ አይፈረድባትም። ቲኤስኤች ከሚለው ጎን 38 ተጽፏል፤ ጤናማው መጠን ከ0.4 እስከ 4 ገደማ መሆኑም እዚያው ታትሟል። ከጣሪያው ዘጠኝ እጥፍ አልፏል ማለት ነው። ሐኪሙ ግን «የታይሮይድ ሆርሞንዎ አንሷል» ይልና ሆርሞን በኪኒን ያዝላታል። በዝቶ በታየው ላይ መጨመር ምን የሚሉት ሕክምና ነው?

ነገሩ የሚፈታው ቁጥሩ የማን እንደሆነ ሲታወቅ ነው። 38 የታይሮይድ ዕጢ የሥራ ውጤት አይደለም፤ ከአንጎል ሥር ወደ ታይሮይድ የሚወርደው ትእዛዝ ልክ ነው። ትእዛዝ የሚበዛው ሥራ ሲጓደል ነውና፣ ቁጥሩ ሲወጣ ዕጢው ደክሟል፣ ቁጥሩ ሲወርድ ዕጢው ከልክ በላይ እየሠራ ነው ተብሎ ይነበባል። ይህን የተገላቢጦሽ ንባብ የያዘ ሰው የሆርሞኖችን አስተዳደር ግማሹን አውቋል።

ከታች እንጀምር። ታይሮይድ ከማንቁርት ዝቅ ብሎ የአየር ቧንቧውን ከግራና ከቀኝ ያቀፈ፣ በአዋቂ ሰው ከ15 እስከ 20 ግራም ገደማ የሚመዝን ዕጢ ነው። ጤናማ ሲሆን ለዓይን አይታይም። ከደም አዮዲን እየለቀመ ሁለት ሆርሞኖች ይሠራል፤ አራት የአዮዲን አቶሞች ያሉት ቲ-4 ይባላል፣ ሦስት ያሉት ቲ-3። በብዛት የሚያወጣው ቲ-4ን ነው። ጉበትና ሌሎች የአካል ክፍሎች ከዚያ ላይ አንዷን አዮዲን ነቅለው ወደ ቲ-3 ሲለውጡት ዋናው ሥራ ይጀመራል። የልብ ምት፣ የሰውነት ሙቀት፣ የአንጀት እንቅስቃሴ፣ የወር አበባ ዑደት፣ ከሁሉም በላይ የፅንስ አንጎል ዕድገት በዚህ ሆርሞን ላይ ያረፈ ነው። ሲያንስ ሰው ይበርደዋል፣ ይደክመዋል፣ ሆዱ ይደርቃል፣ ክብደት ይጨምራል። ሲበዛ ልቡ ይመታል፣ ያልበዋል፣ እየበላ ይከሳል፣ እንቅልፍ ያጣል።

የቅርብ አለቃው ፒቱታሪ ነው። ከአፍንጫ ሥር በስተኋላ፣ በአንጎል ወለል ላይ ባለ የአጥንት ጉድጓድ ውስጥ የተቀመጠ፣ ከአተር ፍሬ የማይበልጥና ግማሽ ግራም ገደማ የሚመዝን ዕጢ ነው። ቲኤስኤችን ወደ ደም የሚለቀው እሱ ነው። ከእሱ በላይ ደግሞ ሃይፖታላመስ የሚባለው የአንጎል ክፍል አለ፤ ረሃብን፣ ጥማትን፣ የሰውነትን ሙቀትና እንቅልፍን የሚከታተል ነው። ሃይፖታላመስ ቲአርኤች የሚባል ሆርሞን በቀጫጭን የደም ሥሮች በኩል ቁልቁል ለፒቱታሪ ይልካል። መንገዷ አጭር ስለሆነች ጥቂት ሆርሞን ይበቃታል፤ በመላው ሰውነት ደም ተበርዞ መዞር አያስፈልገውም።

ይህን የላይኛውን አለቃ ማግኘት ሰዎችን ምን ያህል እንዳደከመ ማውሳት ተገቢ ነው። እንግሊዛዊው ጄፍሪ ሃሪስ አንጎል ፒቱታሪን የሚያዘው በእነዚያ የደም ሥሮች በሚወርድ ኬሚካል ነው ብሎ ቢከራከርም ኬሚካሉን በእጁ ይዞ የሚያሳይ አልነበረም። በአሜሪካ ሮዤ ጊይማን የበጎችን፣ አንድሩ ሻሊ የአሳማዎችን አንጎል ከየቄራው እየሰበሰቡ ለዓመታት ተሽቀዳደሙ። መጀመሪያ አብረው ይሠሩ የነበሩ ሰዎች በኋላ ዓይንና ናጫ ሆኑ። የጊይማን ቡድን በመቶ ሺዎች ከሚቆጠሩ የበግ አንጎሎች በመጨረሻ ያገኘው ንጹሕ ቲአርኤች አንድ ሚሊግራም ገደማ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1969 ሁለቱም ቡድኖች የሆርሞኑን ማንነት አወቁት፤ ሦስት አሚኖ አሲዶች ብቻ ተያይዘው የሠሩት ትንሽ ነገር ሆኖ ተገኘ። ጊይማንና ሻሊ እ.ኤ.አ. በ1977 የኖቤል ሽልማቱን ሲካፈሉ ግማሹን የወሰደችው ግን ሮዛሊን ያሎው ነበረች። ከሥራ ባልደረባዋ ከሰለሞን በርሰን ጋር በደም ውስጥ ያለን እጅግ ጥቂት ሆርሞን በራዲዮአክቲቭ ምልክት የመለኪያ ዘዴ ፈጠረች። በርሰን ቀድሞ ስለሞተ ሽልማቱ አልደረሰውም። የጊይማንና የሻሊ ፉክክር ብዙ ተወርቶለታል፤ በእኔ ሚዛን ግን የዛሬን በሽተኛ ይበልጥ የጠቀመችው ያሎው ናት። የሚለካበት ዘዴ ባይገኝ ኖሮ ወረቀቱ ላይ 38 የሚል ቁጥር ባልተጻፈ ነበር።

አሁን ወደ ዋናው ብልሃት እንግባ። ታይሮይድ የሠራው ሆርሞን በደም ተሳፍሮ ሲዞር ወደ አለቆቹም ይደርሳል። ፒቱታሪ ውስጥ ገብቶ ቲኤስኤች የሚመረትበትን ጂን ራሱ ያዳክመዋል፤ ሃይፖታላመስንም እንዲሁ። ምርቱ የገዛ ትእዛዙን ያሳንሳል ማለት ነው። ሆርሞኑ ሲጎድል ይህ አፈና ይነሳና ትእዛዙ ይበረታል። ሳይንቲስቶች አሉታዊ ግብረ መልስ ይሉታል፤ ስሙ ክፉ ቢመስልም ሰውነትን በልኩ ይዞ የሚያቆየው እሱው ነው። ቁጭ ብሎ «ይህን ያህል አድርግ» የሚል የበላይ የለም፤ እያንዳንዱ የሌላውን ውጤት እያየ ይሠራል።

ፒቱታሪ በዚህ ጉዳይ እጅግ ጆሮው ቀጭን ነው። ነፃው ቲ-4 በግማሽ ቢቀንስ ቲኤስኤች እስከ መቶ እጥፍ ሊያሻቅብ ይችላል። ሐኪሞች ታይሮይድን ሲጠራጠሩ መጀመሪያ የሚያዙት የቲኤስኤች ምርመራ የሆነው በዚህ ምክንያት ነው፤ ዕጢው ራሱ መዛሉ በቲ-4 ልኬት ላይ ገና ሳይታይ አለቃው መጮህ ጀምሯል።

ሌላው ብዙ ሰው የማያስተውለው የጊዜው ነገር ነው። ቲኤስኤች ከደም ውስጥ በአንድ ሰዓት አካባቢ ግማሹ ይጠፋል። ቲ-4 ግን ግማሹ እስኪወገድ ሳምንት ገደማ ይወስዳል። ስለዚህ ኪኒን የጀመረ ወይም መጠኑ የተቀየረለት ሰው በሁለት ሳምንት ውስጥ «ምንም ለውጥ የለም» ብሎ ቢያጉረመርም ሰሚ የለውም፤ ዑደቱ አዲስ ሚዛን ላይ እስኪረጋ ስድስት ሳምንት ያህል ስለሚፈጅ ደሙ የሚለካው ያኔ ነው። ለእኛ አገር ሰው መነገር ያለበት አንድ ነገር ደግሞ አለ። ኪኒኑ በባዶ ሆድ በውኃ ይዋጣል እንጂ ከቡና ጋር አይሆንም። ቡና መድኃኒቱ ከአንጀት ወደ ደም እንዳይገባ ያሰናክላል። ግማሽ ሰዓት፣ ቢቻል አንድ ሰዓት መታገሥ ያስፈልጋል፤ ሲነጋ ጀበና ለሚጣድበት ቤት ከባድ ምክር መሆኑ አይጠፋኝም።

ዑደቱ ሳይበላሽ ሰውን ሊጎዳ የሚችልበት መንገድም አለ፤ ደጋው የኢትዮጵያ ክፍል ይህን በአንገቱ ተሸክሞ ኖሯል። አዋቂ ሰው በቀን 150 ማይክሮግራም፣ ነፍሰ ጡር ደግሞ 250 ያህል አዮዲን ያስፈልጋታል። በተራራማ አገር ዝናብ ለዘመናት አፈሩን ሲያጥብ አዮዲኑንም ይዞት ይሄዳል፤ እህሉም ከብቱም ያንኑ ያጣ ይሆናል። አዮዲን ከሌለ ቲ-4 የለም። ቲ-4 ከሌለ ፒቱታሪ ያዝዛል፣ አሁንም ያዝዛል። ፈትል የሌለው ሸማኔ «ለምን አልሠራህም» እየተባለ ሌላ ሸማ መሥሪያ፣ ሌላም ቢጨመርለት ቤቱ በዕቃ ይሞላ እንደሆነ እንጂ ጋቢ አይወጣውም። ቲኤስኤች ሆርሞን አሠሪ ብቻ ሳይሆን ዕጢውን አሳዳጊም ነው፤ ታይሮይድ በትእዛዙ ብዛት ያብጣል። እንቅርት ይህ ነው። ዕጢው አላመፀም፤ የታዘዘውን ለመፈጸም የሚችለውን ሁሉ አድርጓል።

በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ የሚለው አነጋገር እንዲሁ አልተወለደም፤ በየመንደሩ የሚታይ ነገር ነበር። እ.ኤ.አ. በ2007 የታተመ አገር አቀፍ ጥናት በመውለድ ዕድሜ ካሉ ሴቶች ከሦስቱ አንዷ ገደማ እንቅርት እንዳለባት አሳይቷል። ከአንገቱ እብጠት ይልቅ የሚያሳስበው ግን የማይታየው ጉዳት ነው። ፅንስ በመጀመሪያዎቹ ወራት የራሱ ታይሮይድ ስለማይሠራ የእናቱን ሆርሞን ተማምኖ ነው አንጎሉን የሚገነባው። እናቲቱ አዮዲን ካጣች ልጁ ደንቆሮ ወይም አእምሮው የዘገየ ሆኖ ሊወለድ ይችላል፤ ይህ ደግሞ በኋላ ጨው በመጨመር አይመለስም።

ጨው ያልኩት ያለ ምክንያት አይደለም። ስዊዘርላንድ እንቅርትን የተዋጋችው እ.ኤ.አ. ከ1922 ጀምሮ ጨው ላይ አዮዲን በመጨመር ነው፤ አሜሪካ ሁለት ዓመት ቆይታ ተከተለች። ጨው የተመረጠው ሀብታምም ድሃም በየቀኑ ተመሳሳይ በሆነ መጠን ስለሚበላው ነው። እኛ ዘንድ ከኤርትራ ጋር እ.ኤ.አ. በ1998 ጦርነት እስኪነሳ ድረስ አዮዲን ያለው ጨው ከቀይ ባሕር ወደቦች ይመጣ ነበር። መንገዱ ሲዘጋ ገበያው ወደ አፋሩ አፍዴራ ዞረ፤ እዚያ የሚመረተው ጨው ግን አዮዲን አልነበረውም። እ.ኤ.አ. በ2011 የሚኒስትሮች ምክር ቤት ለምግብ የሚውል ጨው አዮዲን እንዲጨመርበት የሚያስገድድ ደንብ አወጣ። በዚያው ዓመት በተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ጨዋቸው አዮዲን የተገኘበት ቤተሰቦች 15 በመቶ ነበሩ፤ እ.ኤ.አ. በ2016 ቁጥሩ 89 በመቶ ደረሰ። መጠኑ በቂ ነው ወይ የሚለው ሌላ ጥያቄ ነው። ጨው ሳይከደን ሲቀመጥ፣ እርጥበትና ፀሐይ ሲያገኘው፣ ወጥ ገና ሲጣድ ሲጨመርና አብሮ ሲንተከተክ አዮዲኑ ይባክናል። ወጡ ሊወጣ ሲል መጨመር ይሻላል።

አንድ ችግርም አብሮ ይመጣል። ለዓመታት በትእዛዝ ብዛት ያበጠ ዕጢ ውስጥ ለአለቃው መታዘዝ ያቆሙ እባጮች ሊበቅሉ ይችላሉ። አዮዲን በድንገት ሲመጣላቸው ያለ ልክ ማምረት ይጀምራሉ፤ በተለይ አረጋውያን ላይ ልብን ያስጨንቃል። በብዙ አገሮች ጨው በአዮዲን ሲበለጽግ ለጥቂት ዓመታት የታየ ነገር ነው፤ ሆኖም በአጠቃላይ ከሚገኘው ጥቅም ጋር አይወዳደርም።

ትእዛዙ በሐሰት የሚመጣበት በሽታም አለ። የደብሊኑ ሐኪም ሮበርት ግሬቭስ እ.ኤ.አ. በ1835 በጻፈበት ሕመም ሰውነት ራሱ የሚሠራው አንቲቦዲ በቲኤስኤች ቦታ ታይሮይድ ላይ ይጣበቅና ያለ ዕረፍት ያሠራዋል። ፒቱታሪ ይህን ሲያይ የራሱን ትእዛዝ ወደ ዜሮ ያወርዳል፤ ግን ምን ያደርጋል፣ አንቲቦዲው ግብረ መልስ የሚባል ነገር አያውቅም። ወረቀቱ ላይ ቲኤስኤች 0.01 ተብሎ የሚታየው እንዲህ ባለ ጊዜ ነው።

ይኸው አሠራር በሌሎች ዕጢዎችም ይደገማል። በአገራችን በሰፊው የሚወሰደው የሦስት ወር የወሊድ መከላከያ መርፌ ፒቱታሪን «ሆርሞን ሞልቷል» አሰኝቶ እንቁላል እንዳይለቀቅ ያደርጋል። ምጥ ላይ ግን ነገሩ ይገለበጣል፤ የሕፃኑ ራስ የማሕፀንን በር ሲገፋ ኦክሲቶሲን ይለቀቃል፣ ኦክሲቶሲን ማሕፀንን ያኮማትራል፣ ግፊቱ ይበረታል፣ ሌላ ኦክሲቶሲን ይጠራል። ይህ ራሱን እያጋለ የሚሄድ ዑደት የሚበርደው ልጁ ሲወለድ ነው።

ለሕይወት አስጊ የሆነው የፕሬድኒሶሎን ጉዳይ ነው። ለአስም፣ ለመገጣጠሚያ ወይም ለቆዳ ሕመም ይህን ኪኒን ለብዙ ሳምንታት የወሰደ ሰው ፒቱታሪው ደሙ ውስጥ በቂ የኮርቲዞል ዓይነት ሆርሞን ስላገኘ ከኩላሊት በላይ ያሉትን ኮርቲዞል የሚሠሩ አድሬናል ዕጢዎች ማዘዝ ያቆማል። ትእዛዝ ያጡት ዕጢዎች እየሰለሉ ይሄዳሉ። «ተሽሎኛል» ብሎ በአንድ ቀን ያቋረጠ ሰው የደም ግፊቱ ወርዶ ራሱን ሊስት፣ ሊሞትም ይችላል። መድኃኒቱ በሐኪም ምክር በየሳምንቱ ጥቂት ጥቂት እየተቀነሰ ይቆማል፤ ዕጢዎቹ ሙሉ በሙሉ እስኪነቁ ወራት ሊወስድ ስለሚችል፣ በዚያ ጊዜ ውስጥ ቀዶ ሕክምና ወይም ከባድ ሕመም ያጋጠመው ሰው ፕሬድኒሶሎን ሲወስድ መቆየቱን ለሐኪሙ አስቀድሞ መናገር አለበት።