የፍትሐ ነገሥቱ ካርዲናል

የአገራችንን የሕግ ታሪክ የተማረ ሰው ሁሉ የፍትሐ ነገሥትን ስም ያውቃል። መጽሐፉን ከግእዝ ወደ እንግሊዝኛ የመለሱት ሰው ካህን እንደነበሩ፣ ኋላም አራዳ ውስጥ ከፒያሳ ብዙ በማይርቀው የካቶሊክ ካቴድራል፣ በልደታ ማርያም፣ በሊቀ ጳጳስነት እንደተቀመጡ የሚያውቀው ግን ጥቂት ነው። ብፁዕ ካርዲናል ጳውሎስ ጻድዋ ይባላሉ። ከኢትዮጵያ ለካርዲናልነት የበቁ የመጀመሪያው አባት ናቸው። ለእኔ ግን ከቀዩ ቆብ ይልቅ መጽሐፉ ይበልጥብኛል።

ነሐሴ 19 ቀን 1913 ዓ.ም. ኤርትራ ውስጥ አዲፊኒ በተባለች መንደር ተወለዱ። መጋቢት 3 ቀን 1936 ዓ.ም. ቅስና ተቀበሉ። ከዚያ ወደ ጣሊያን ተሻግረው ሚላኖ በሚገኘው የካቶሊክ ዩኒቨርሲቲ ሕግና የፖለቲካ ሳይንስ አጠኑ። ግእዙን የሚያውቅ ቄስ በአገሩ ሞልቷል፤ በአውሮፓ ሕግ የሠለጠነም ያኔ ቢሆን አልጠፋም። ሁለቱን በአንድ ራስ ይዞ መገኘት ግን ብርቅ ነበር።

ፍትሐ ነገሥት መሠረቱ ከግብፅ ነው። በ13ኛው መቶ ዘመን አል ሳፊ ኢብን አል አሳል የተባለ የቅብጥ ሊቅ በዐረብኛ አዘጋጀው። በትውፊት እንደሚነገረው ወደ ግእዝ የተመለሰው በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን ነው። 51 አንቀጾች አሉት። የመጀመሪያዎቹ 22ቱ መንፈሳዊ ናቸው፤ ስለ ቤተ ክርስቲያን፣ ስለ ካህናት፣ ስለ ጾምና ጸሎት ይናገራሉ። ቀሪዎቹ ሥጋዊ ናቸው፤ ጋብቻው፣ ውርሱ፣ ብድሩ፣ ሽያጩ፣ ዳኝነቱና ቅጣቱ እዚያ ነው። ከመጽሐፍ ቅዱስ፣ ከሲኖዶስ ቀኖናዎችና ከሮማ ነገሥታት ሕግ የተቀዳ በመሆኑ ገበሬ ከገበሬ በድንበር የሚካሰስበት የእኛ አገር ሙግት ሁሉ በዚያ ውስጥ አይገኝም፤ ያንን አገሬው በየልማዱ ይጨርሰው ነበር። ከባድ ነገር ሲመጣ፣ ይልቁንም ደም ሲፈስ፣ ነገሩ ወደ ዙፋን ችሎት ይወጣል። ሊቃውንቱ ይጠሩና አንቀጹን በግእዝ እያነበቡ በአማርኛ ይተረጉማሉ፤ ንጉሡም ያንን ሰምቶ ይፈርዳል። ንባቡ በራሱ አስቸጋሪ ነው፤ ከዐረብኛው ሲመለስ የተዛነፈ ቦታ ስላለው ዐረፍተ ነገሩ አንዳንዴ ጭራና ቀንዱ አይታወቅም። ስለዚህ መጽሐፉ ያለ መምህር አይነበብም፤ በትርጓሜ ቤት አንድምታው ከመምህር አፍ ይወረሳል።

በ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ፣ በ1952 ዓ.ም. ደግሞ የፍትሐ ብሔር ሕግ ወጣ። ሁለቱንም ያረቀቁት የአውሮፓ ሊቃውንት ቢሆኑም የሁለቱም መቅድም ፍትሐ ነገሥትን ያነሣል። ጥቂት ቆይቶ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ፋኩልቲ ተከፈተ። መምህራኑ አብዛኞቹ የውጭ ሰዎች፣ ማስተማሪያ ቋንቋው እንግሊዝኛ። እንግዲህ ስድስት ኪሎ ቁጭ ብሎ የኢትዮጵያን ሕግ የሚያስተምር ሰው አባቶቻችን ሲዳኙበት የኖሩትን መጽሐፍ ገልጦ ማንበብ አይችልም ማለት ነው። ያን ክፍተት የሞሉት አባ ጳውሎስ ናቸው። ትርጉማቸው በፒተር ስትራውስ አርታኢነት እ.ኤ.አ. በ1968 በፋኩልቲው ታተመ። ከዚያ በፊት ጣሊያናዊው ኢግናጺዮ ጉዊዲ ወደ ጣሊያንኛ መልሶት ነበር፤ የአገር ልጅ በእንግሊዝኛ ሲያቀርበው ግን ሌላ ነው።

ነገሩን ይበልጥ የሚያስደንቀኝ ተርጓሚው የካቶሊክ ቄስ መሆናቸው ነው። በአገራችን የካቶሊክ ስም ከዐፄ ሱስንዮስ ዘመን እልቂት ጋር ተያይዞ ሲነሣ ኖሯል፤ ንጉሡ በ1624 ዓ.ም. የአባቶቻችሁን ሃይማኖት ያዙ ብለው ዙፋኑን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ከለቀቁ ወዲህ ጥርጣሬው በቀላሉ አልጠፋም። የኢትዮጵያ ካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ግን የምትቀድሰው በግእዝ ሥርዓት ነው፤ ዜማው፣ ዕጣኑ፣ ከበሮውና ጸናጽሉ ለኦርቶዶክሱ እንግዳ አይሆንበትም። አባ ጳውሎስ ፍትሐ ነገሥትን ሲያነሡ የሰው መጽሐፍ አልነኩም፤ የራሳቸውንም ቅርስ ነው ያነሡት። እኔ በበኩሌ ስለ አብያተ ክርስቲያናት መቀራረብ ከተደረገ ብዙ ንግግር ይልቅ ይህን ሥራ አከብራለሁ።

በ1965 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ረዳት ጳጳስ ሆኑ። የካቲት 17 ቀን 1969 ዓ.ም. ደግሞ በአቡነ አሥራተ ማርያም የምሩ እግር ተተክተው ሊቀ ጳጳስ ተባሉ። ቀኑን ልብ ይሏል፦ ኮሎኔል መንግሥቱ ተቀናቃኞቻቸውን አስወግደው ሥልጣኑን ለብቻቸው ከያዙ ገና ሦስት ሳምንት ነው። ሬሳ በየመንገዱ በሚጣልበት ከተማ፣ ሃይማኖት የለሽነት በየውይይት ክበቡ በሚሰበክበት ሰዓት፣ ከአገሩ ሕዝብ መቶኛ አንድ እንኳ የማትሞላ ቤተ ክርስቲያን መምራት ነበር ዕጣቸው።

የካርዲናልነቱ ሹመት የመጣው በሰባ ሰባቱ ድርቅ ነው። ግንቦት 17 ቀን 1977 ዓ.ም. ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዮሐንስ ጳውሎስ ዳግማዊ 28 ካርዲናሎችን ሲሾሙ እርሳቸው አንዱ ሆኑ። በዚያው ወራት ወሎና ትግራይ ሕዝብ በረሃብ ይረግፍ ነበር፤ የካቶሊክ ጽሕፈት ቤትም ከመካነ ኢየሱስና ከውጭ ረጂዎች ጋር ተባብሮ እህል ያደርስ ነበር። በ1986 ዓ.ም. ሮም ላይ በተደረገው የአፍሪካ ጳጳሳት ልዩ ሲኖዶስ ከመሩት ካርዲናሎች አንዱ እርሳቸው ነበሩ።

በካቶሊክ ሥርዓት ጳጳስ 75 ዓመት ሲሞላው መልቀቂያውን ለሮም እንዲያቀርብ ይጠየቃል። መልቀቁ ግን ጵጵስናውን አይሽረውም፤ መንበሩን ለተተኪ ይተዋል እንጂ ማዕርጉ እንዳለ ነው። ካርዲናልም ከሆነ 80 ዓመት እስኪሞላው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ሲመረጥ ድምፅ ይሰጣል።

ካርዲናል ጳውሎስ መንበራቸውን የለቀቁት በ77 ዓመታቸው፣ መስከረም 1 ቀን 1991 ዓ.ም.፣ በዕንቁጣጣሽ ዕለት ነው። የተወለዱባት ኤርትራ በ1985 ዓ.ም. ራሷን የቻለች አገር ብትሆንም የአስመራ ካቶሊክ ሀገረ ስብከት ከዚያ በኋላም በአዲስ አበባው ሜትሮፖሊታን ሥር ቆይቷል፤ ኤርትራ የራሷን ያገኘችው በ2007 ዓ.ም. ነው። በሁለት መንግሥታት መካከል የተሰመረው ድንበር በእርሳቸው መንበር ላይ አልተሰመረም ነበር። ሲለቁ ሁለቱ አገሮች ባድመ ላይ ጦር ከተማዘዙ አራት ወር አልፏል። አንድ አባት መንጋው በምሽግ ወዲያና ወዲህ ሆኖ ሲታኮስ እያየ ጡረታ መውጣቱን ሳስብ ልቤ ይከብዳል።

ታኅሣሥ 1 ቀን 1996 ዓ.ም. በ82 ዓመታቸው ሮም ውስጥ ዐረፉ። የተተኳቸው አቡነ ብርሃነ ኢየሱስ ሱራፌል በ2007 ዓ.ም. ሁለተኛው ኢትዮጵያዊ ካርዲናል ሆነዋል። የአባ ጳውሎስ ፍትሐ ነገሥት ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2009 አሜሪካ ውስጥ እንደገና ታትሟል፤ ስለ ጥንቱ ሕጋችን በእንግሊዝኛ የሚጽፍ ተመራማሪ ዛሬም የሚጠቅሰው እርሱን ነው።