ፊልሙን የሚወስድ ሲጠፋ ራሳቸው አዳራሽ ተከራዩ
የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ የሥራ ሕይወት፣ ለወላጆችም ለልጆችም

ልጃችሁ «ፊልም ነው መማር የምፈልገው» ቢላችሁ ምን ትመልሳላችሁ? ብዙዎቻችን «እሱ እንጀራ ይሆናል?» ማለታችን አይቀርም። ጥያቄው ተገቢ ነው። ከእኛው መሀል ወጥተው፣ ትልቅ ኩባንያ ሳይጠጉ፣ ሃምሳ ዓመት ገደማ በዚህ ሙያ የቆዩትን ሰው ታሪክ ማየት ለመልሱ ይረዳል።

ከጎንደር ወደ ሎስ አንጀለስ

ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ ቴአትር የሚጽፉና የሚያሳዩ ደራሲ ስለነበሩ፣ መድረክን ያወቁት ገና በልጅነታቸው ነው። በ1967 አሜሪካ ገብተው ቺካጎ ውስጥ ቴአትር ተማሩ፤ ቀጥሎ ሎስ አንጀለስ በሚገኘው ዩሲኤልኤ ወደ ፊልም ዞሩ። እዚያ የነበሩት ጥቁር ተማሪዎች ገንዘብ ባይኖራቸውም ይተጋገዙ ነበር። «ቡሽ ማማ» የተባለውን የኃይሌን ፊልም ካሜራ ይዘው ከቀረጹት አንዱ፣ በኋላ ራሱ ስመ ጥር ዳይሬክተር የሆነው ቻርለስ በርኔት ነው።

በ1974፣ አብዮቱ በፈነዳበት ሰሞን፣ አገር ቤት ሄደው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጹ። ፊልሙ ለባለርስት የሚያርስ ቤተሰብ ታሪክ ነው። ቀረጻው በሁለት ሳምንት ያለቀ ሲሆን፣ ሥራው ጥቁርና ነጭ ነው።

የሳንኮፋ ፈተና

ትልቁ ፈተና የመጣው በ«ሳንኮፋ» ነው። ስለ ባርነት የሚናገረው ይህ ፊልም በ1993 በርሊን ፌስቲቫል ላይ ተወዳደረ። አሜሪካ ውስጥ ግን የሚያከፋፍለው ኩባንያ ጠፋ። ሌላ ሰው ቢሆን ፊልሙን መደርደሪያ ላይ አስቀምጦ ያዝን ነበር። ኃይሌና ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና፣ እሷም የፊልም ባለሙያ ናት፣ ዋሽንግተን ውስጥ ሲኒማ ቤት ተከራይተው ራሳቸው አሳዩት። ወሬው ከአፍ ወደ አፍ ተዛመተ፣ ሰልፉም ረዘመ። ከዚያ ፊልሙን ይዘው ከተማ ለከተማ ዞሩ። በኋላም ሆዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ ጆርጂያ ጎዳና ላይ፣ በዚሁ ፊልም ስም የመጻሕፍትና የቡና ቤት ከፈቱ።

«ጤዛ» በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የምርጥ ድርሰት ሽልማት ወሰደ፤ በማግሥቱ ዓመት ደግሞ ቡርኪና ፋሶ ውስጥ የፌስፓኮን ትልቁን ሽልማት አገኘ። «ሳንኮፋ»ም ታድሶ በ2021 ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ። ያኔ የሚወስደው ያጣው ፊልም ከ28 ዓመት በኋላ ሳሎናችን ገባ ማለት ነው።

እንጀራውስ?

ወላጆች ልብ በሉ፦ ፕሮፌሰር ኃይሌ ከ1975 ጀምሮ ለአሥርት ዓመታት ሆዋርድ ዩኒቨርሲቲ አስተምረዋል። አንዱን ሥራ ለሌላው ብለው አልጣሉም። ስለዚህ ልጁን «ተው» ከማለት ይልቅ «ፊልም ውስጥ የትኛውን ሙያ?» ብሎ መጠየቅ ይሻላል። ድምፅ፣ ኤዲቲንግ፣ መብራት፣ ልብስ፣ ሒሳብ፣ ሁሉም ሰው ይፈልጋሉ።

ለልጆች

ፕሮዲውሰር፦ ገንዘቡን የሚፈልግ፣ ሰዎቹን የሚያሰባስብ፣ ፊልሙ ተመልካች ጋ እስኪደርስ የማይተኛ ሰው ነው።

ፕሮዳክሽን ዲዛይነር፦ በፊልሙ ውስጥ የምታዩትን ዓለም የሚያስብ ሰው ነው። ቤቱ ምን ይመስላል? ግድግዳው ምን ቀለም ነው? ጠረጴዛው ላይ ያለው ሬዲዮ የየትኛው ዘመን ነው?

እስቲ ሞክሩት! አያታችሁ ጋ ደውሉና «ልጅ ሳለሽ ቤታችሁ ውስጥ ምን ምን ነበር?» ብላችሁ ጠይቋት። መደቡን፣ ሞሰቡን፣ ኩራዙን፣ በሩ ወዴት እንደሚከፈት ሳይቀር ትንገራችሁ። ከዚያ ክፍሉን በወረቀት ሳሉና ፎቶ አንስታችሁ ላኩላት። የተሳሳተውን እሷ ታርማለች።