ከኮሌጅ ወደ ዓለም ዋንጫ፣ ከዓለም ዋንጫ ወደ ኮሌጅ፦ የተከላካዩ ፖል ካሊጂዩሪ ጉዞ

ተከላካይ የሚመዘነው ባስቀረው ግብ እንጂ ባስቆጠረው አይደለም። አሜሪካዊው ፖል ካሊጂዩሪም ለብሔራዊ ቡድኑ 110 ጊዜ ተሰልፎ ያስቆጠረው 5 ግብ ብቻ ነው። ሆኖም ከአምስቱ አንዷ በአሜሪካ እግር ኳስ ታሪክ ከሁሉም በላይ ከሚታወሱት ግቦች ትመደባለች።

የተጫዋቹ ስም ዘወትር የሚነሣው ከዚህች ግብ ጋር ቢሆንም፣ ጉዞው የተጀመረው በኮሌጅ ሜዳ ነው። በጀርመን እና በአሜሪካ ክለቦች ተጫውቶ ጫማውን ከሰቀለ በኋላም አሰልጣኝ ሆኖ የተመለሰው ወደ ኮሌጅ ነበር። ለመሆኑ ኮሌጅ በአሜሪካ እግር ኳስ ይህን ያህል ስፍራ የያዘው ለምንድን ነው?

ሊግ ያልነበረበት ዘመን

ካሊጂዩሪ እ.አ.አ በ1964 በካሊፎርኒያ ግዛት ተወለደ። ለአካለ መጠን በደረሰበት ወቅት የአገሩ እግር ኳስ እየተዳከመ ነበር። ፔሌ እና ፍራንዝ ቤከንባወር የተጫወቱበት የሰሜን አሜሪካ እግር ኳስ ሊግ ከ1984 የውድድር ዘመን በኋላ ፈረሰ። ዛሬ ያለው ሜጀር ሊግ ሶከር የተጀመረው ደግሞ በ1996 ነው።

በእነዚህ ዓመታት ተስፋ ያለው ወጣት ችሎታውን የሚያሳይበት ዋነኛ መድረክ የዩኒቨርሲቲዎች ውድድር ነበር። ካሊጂዩሪ በሎስ አንጀለስ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ፣ በአሰልጣኝ ሲጊ ሽሚድ ሥር ተጫወተ። ቡድኑ በ1985 በብሔራዊው ፍጻሜ አሜሪካን ዩኒቨርሲቲን 1 ለ 0 አሸንፎ ዋንጫ ሲያነሣ፣ አሸናፊው የተለየው ስምንት ጭማሪ ክፍለ ጊዜያት ከተጫወቱ በኋላ ነበር።

ከኮሌጅ በኋላ ወደ ጀርመን አቀና። ሃምቡርግ ፈረመ፤ በሁለተኛው ዲቪዚዮን ለሜፐን ተጫወተ። ቀጥሎም ከምሥራቅ ጀርመኑ ሃንሳ ሮስቶክ ጋር፣ ሁለቱ ጀርመኖች በተዋሃዱበት የውድድር ዘመን፣ የመጨረሻውን የምሥራቅ ጀርመን ሊግ ዋንጫ በ1991 አነሣ።

40 ዓመት የተጠበቀች ግብ

አሜሪካ ከ1950 ወዲህ በዓለም ዋንጫ ተሳትፋ አታውቅም ነበር። ይሁን እንጂ ፊፋ የ1994ን ውድድር እንድታስተናግድ በ1988 መርጧት ስለነበር፣ ወደ 1990ው የጣሊያን ውድድር አለማለፍ የአስተናጋጇን ብቃት ጥያቄ ውስጥ የሚከት ጉዳይ ሆነ።

የማጣሪያው የመጨረሻ ጨዋታ ኖቬምበር 19/1989 በፖርት ኦፍ ስፔን ተካሄደ። ለትሪኒዳድ እና ቶቤጎ አቻ መውጣት ይበቃ ነበር፤ አሜሪካ ግን የግድ ማሸነፍ ነበረባት። በቀይ ልብስ በደመቀው ስታዲየም ካሊጂዩሪ ከታብ ራሞስ የተቀበላትን ኳስ አንድ ተጫዋች አልፎ ከሩቅ በግራ እግሩ መታት። ኳሷ በግብ ጠባቂው አናት አልፋ መረብ ላይ አረፈች፤ ጨዋታውም 1 ለ 0 ተጠናቀቀ።

ያቺ ቀን ለካሪቢያኗ አገር መሪር ነበረች። ደጋፊዎቿ ሽንፈቱን የተቀበሉበት ጨዋነት ግን የፊፋን የመልካም ጨዋታ ሽልማት አስገኝቶላቸዋል። ትሪኒዳድ እና ቶቤጎ ወደ ዓለም ዋንጫ ያለፈችው ከዚያ በኋላ፣ በ2006 ነው።

በጣሊያን አሜሪካ ሦስቱንም ጨዋታዎች ተሸነፈች። በቼኮስሎቫኪያ 5 ለ 1 በተረታችበት ጨዋታ ብቸኛዋን ግብ ያስቆጠረው ካሊጂዩሪ ነበር። በ1994 በሜዳቸው ግን አሜሪካውያኑ ኮሎምቢያን 2 ለ 1 አሸንፈው ወደ ጥሎ ማለፉ ተሻገሩ፤ እርሱም በተከላካይ መስመር ላይ ተሰልፏል።

ወደ ኮሌጅ መመለስ

ሜጀር ሊግ ሶከር ሲጀመር ካሊጂዩሪ ለኮሎምበስ ክሩ፣ ከዚያም ለሎስ አንጀለስ ጋላክሲ ተጫወተ። በጋላክሲ የመጨረሻ ዓመታቱ አሰልጣኙ የነበረው ያው የኮሌጁ ሲጊ ሽሚድ ነበር። ከሜዳ ከተሰናበተ በኋላ በካሊፎርኒያ ካል ፖሊ ፖሞና ዩኒቨርሲቲ በአሰልጣኝነት ተሰማራ። በ2004ም ስሙ በአሜሪካ ብሔራዊ የእግር ኳስ ዝነኞች መዝገብ ሰፈረ።

ካል ፖሊ ፖሞና የሚወዳደረው በኮሌጅ ስፖርት ሁለተኛ ዲቪዚዮን ነው። በዚህ ደረጃ የሚሠራ አሰልጣኝ ሥራው ልምምድ ከመምራት የሰፋ ነው። ተጫዋቾችን ከየሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱና ከየክለቡ ይመለምላል፤ ውጤታቸው የዝቅተኛ መስፈርት እንዳያጣ ይከታተላል፤ የስኮላርሺፕ ገንዘብም ያከፋፍላል።

የማከፋፈሉ ስሌት ለቤተሰቦች ብዙ ጊዜ ግልጽ አይደለም። በሁለተኛ ዲቪዚዮን አንድ የወንዶች ቡድን ሊሰጥ የሚችለው ከ9 ሙሉ ስኮላርሺፖች ጋር የሚመጣጠን ገንዘብ ነው፤ ለሴቶች ቡድን ጣሪያው 9.9 ነው። ቡድኑ 25 ተጫዋቾች ቢኖሩት፣ ይህ ገንዘብ ለሁሉም ሲሸነሸን የብዙዎቹ ድርሻ የክፍያቸውን ከፊል ብቻ ይሸፍናል። ሦስተኛ ዲቪዚዮን ደግሞ በስፖርት ችሎታ ስኮላርሺፕ አይሰጥም።

በአንደኛ ዲቪዚዮን ለወንዶች 9.9፣ ለሴቶች 14 የነበረው ጣሪያ ከ2025 የውድድር ዘመን ጀምሮ አዲሱን ሥርዓት በተቀበሉ ተቋማት ተነሥቷል። በምትኩ የቡድኑ አባላት ከ28 እንዳይበልጡ ተገድቧል። ይህም ዩኒቨርሲቲው አቅም ካለው ለብዙዎች ሙሉ ክፍያ ለመስጠት በር ሲከፍት፣ ቡድን ውስጥ ያለ ስኮላርሺፕ ገብተው ይጫወቱ ለነበሩት ቦታውን ያጠብባል።

ለቤተሰቦች ምን ማለት ነው?

ጉዳዩ በአሜሪካ ልጆቻቸውን የሚያሳድጉ ኢትዮጵያውያንን፣ ከአውሮፓ ወይም ከባሕረ ሰላጤው አገራት ልጆቻቸውን ለትምህርት ለመላክ የሚያስቡትንም ይነካል። አሰልጣኝ “ስኮላርሺፕ እንሰጣለን” ሲል ምን ያህሉን ወጪ እንደሚሸፍን፣ ለስንት ዓመት እንደሚጸና፣ ልጁ ቢጎዳ ምን እንደሚሆን በጽሑፍ መጠየቅ ተገቢ ነው። በክለብ ተከፍሎት የተጫወተ ወጣትም የኮሌጅ ተጫዋችነት መብቱ ሊጠበብ ስለሚችል አስቀድሞ ማጣራት ይኖርበታል።

ዛሬ የሜጀር ሊግ ክለቦች የራሳቸው አካዳሚዎች ስላሏቸው ጎበዝ ወጣቶች ኮሌጅን ዘለው ወደ ፕሮፌሽናልነት ማለፍ ይችላሉ። ያም ሆኖ ኮንትራት የሚያገኙት ጥቂቶች ናቸው። ለቀሩት የኮሌጅ ሜዳ ከኳሱ ጋር ዲግሪም የሚገኝበት መንገድ ነው፤ ወደዚያ ሜዳ የሚያስገባቸው ወይም የሚመልሳቸው የአሰልጣኙ ውሳኔ በመሆኑም፣ ካሊጂዩሪን የመሰለ ልምድ ያለው ሰው በወንበሩ ላይ መቀመጡ ለተማሪዎቹ ትርጉሙ ቀላል አይደለም።